ጥቋቁሮቹ ንቦች የት ሄዱ?

አናጢውን ሰፈሩ በሙሉ ውሃ ልክ ይለዋል። ስሙ ያለ ምክንያት አልወጣለትም። ጠረጴዛ ሠርቶ ሲጨርስ ያቺን አረፋ ያላትን መለኪያውን ሳያጋድምበት ከበሩ አያስወጣም፤ ደንበኛው "ኧረ ቀጥ ብሏል፣ ስጠኝና ልሂድበት" ቢለው እንኳ ጆሮ ዳባ ልበስ ብሎ ይንበረከክና አራቱንም እግሮች አንድ በአንድ ያያል። ከእጁ የወጣ ወንበር ተንገዳገደ ሲባል ተሰምቶ አያውቅም። ይህ የሚያስመሰግነው ነው። ነገር ግን ይኸው ሰው ከሁሉ አብልጦ የሚፈራው ሰው ሲስቅበት ነው፤ የዚህ ሁሉ ጣጣ መነሻም ሳቅ ነበር።

የእንጨት ሥራ ቤቱ ከአባቱ የወረሰው ነው። ግቢውን ከታላቅ እህቱ ጋር ይጋራዋል፤ እሱ በመንገዱ በኩል ይሠራል፣ እሷ በጓሮው በኩል ትኖራለች፣ በመሃል በሽቦ ላይ የተዘረጋው የእህቱ የፓሽን ፍሩት ሐረግ አለ። እታለም ይላታል። እናታቸው ስትሞት እሱ ገና የወተት ጥርሱን እየነቀለ ስለነበር፣ አፍንጫውን ጠርጋ፣ ደብተሩን ሸፍና ያሳደገችው እሷ ናት። ባሏ ከሞተ ወዲህ ልጅ ስላልነበራት ሐረጉ ልጇም ሥራዋም ሆነ። ፍሬውን መንገድ ማዶ ያለው ጭማቂ ቤት ይረከባታል። በሰሌዳው ላይ "የእትዬ ፓሽን" ተብሎ በጠመኔ ተጽፎ ስታይ ደስ ይላታል፤ ደስ እንደሚላት ግን ለማንም አትናገርም።

በሥራ ቤቱ ፊት ለፊት ጣራውን የተሸከመ አሮጌ አግዳሚ ግንድ አለ። አባታቸው በገዛ እጁ የሰቀለው ነው። በዚህ ግንድ ውስጥ ጥቋቁር ንቦች ይኖሩ ነበር። የአውራ ጣት ጫፍ ያክላሉ፣ ሲበርሩ ድምፃቸው ከሩቅ ይሰማል፣ ሰውን ግን ነክተው አያውቁም። ግንዱን በጥርሳቸው ይበሱትና ውስጥ ለውስጥ መተላለፊያ ያበጁለታል፤ መግቢያው ክብ ነው፣ በመሰርሰሪያ የተበሳ ይመስላል። ውሃ ልክ "ክብ በማውጣትስ ከእኔ ይበልጣሉ" እያለ ይቀልድ ነበር። ቀልዱ ግን ከልቡ አልነበረም፤ አናጢ ነኝ የሚል ሰው በራሱ በር ላይ የተበሳ እንጨት ሲንጠለጠል ደስ አይለውም።

አንድ ቀን አንዲት ሴትዮ ልጇን ልትድር ነውና ቁም ሳጥን ልታዝ መጣች። መጠኑን እየተነጋገሩ ሳለ ከላይ ሰጋቱራ ብን ብሎ ትከሻዋ ላይ አረፈ። ሴትዮዋ አራገፈችው፤ ደግሞ ወረደባት። ቀና ብላ ግንዱን አየችና "የራስህን ጣራ ንብ እየበላው ነው ለልጄ ቁም ሳጥን የምትሠራላት?" ብላ ከልቧ ሳቀች። ተራ የሚጠብቁ ሁለት ሰዎችም አብረዋት ሳቁ። ቁም ሳጥኑን አዛ ነው የሄደችው፤ የእሱ ጆሮ ላይ የቀረው ግን ሳቁ ብቻ ነበር።

በማግስቱ ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል መሰላሉን አቆመ። ለምን በጠራራው ፀሐይ እንዳላደረገው ልንገራችሁ፤ ነገሩ ያለው እዚህ ላይ ነውና። ቀን ቢደፍናቸው ለቀሰማ የወጡት ተመልሰው ሌላ ቀዳዳ ይበሱ ነበር። ውሃ ልክ ደግሞ አንድ ሥራ ሁለት ጊዜ መሥራት አይወድም። ስለዚህ መሰላሉ ላይ ተቀምጦ ጠበቀ። አንድ በአንድ እየመጡ ገቡ። ከእንግዲህ የሚመጣ የለም እስኪል ድረስ ጠበቀ፣ ከዚያም የራሳቸውን ሰጋቱራ ከመሬት አፍሶ በኮላ ለወሰና አሥራ አንዱንም ቀዳዳ ሁለት ጣት ያህል ውፍረት እየጠቀጠቀ ደፈነ። ሲነጋ በብርጭቆ ወረቀት አሸው፣ ከግንዱ ጋር የሚመሳሰል ቀለም ቀባው፣ ቫርኒሽ ደረበበት። ፈልጎ የሚያገኘው ሰው አልነበረም።

ሦስት ቀን ሙሉ ግንዱ ውስጥ ድምፅ ነበር። ውሃ ልክ ያን ሰሞን የመላጊያ ማሽኑን ከጠዋት እስከ ማታ አላጠፋም፤ የሚላግ ጣውላ ሲያልቅበት የተላገውን ደግሞ ላገው። በአራተኛው ቀን ማሽኑን አጥፍቶ አዳመጠ። ዝም ብሏል። እፎይ አለ፤ እፎይ በማለቱም አፈረ። ከዚያ በኋላ በግንዱ ሥር ባለፈ ቁጥር ቀና ማለት ተወ።

ሐረጉ በዚያ ዓመት እንደ ጉድ አበበ። የፓሽን አበባ እኩለ ቀን ገደማ ይከፈትና ሲመሻሽ ይዘጋል፤ ያልያዘው በማግስቱ ይረግፋል። ድሮም ጥቂት ይረግፍ ነበር። ዘንድሮ ግን እታለም ጠዋት ጠዋት መጥረጊያዋን ይዛ ስትወጣ መሬቱ አበባ ለብሶ ይጠብቃታል። ውሃ ጨመረች። ውሃ ቀነሰች። ፍግ አለበሰችው። ደረቅ ቅርንጫፉን ገረዘች። ምንም። አንድ ወር አለፈ፣ ሁለተኛው ገባ፣ በሐረጉ ላይ ያሉት ፍሬዎች በሁለት እጅ ጣት የሚያልቁ ነበሩ። ጭማቂ ቤቱ ሰሌዳውን በእርጥብ ጨርቅ ጠረገና ማንጎ ጻፈበት።

"ምን በደልኩት እኔ?" አለች አንድ ጠዋት፣ መጥረጊያዋን ተደግፋ። "ልጅ እንኳ እንዲህ አይጨክንም።"

ውሃ ልክ ጥቋቁሮቹን ንቦች ከአበባው ጋር አያይዞ አያውቅም ነበር። አናጢ ነው፤ የእንጨት እንጂ የአበባ ነገር አይገባውም። ስለዚህ እስከዚህ ድረስ ሳያውቅ አጠፋ እንበለው። ከዚህ በኋላ ያለውን ግን አውቆ ነው ያደረገው።

እታለም አንድ ቀን እኩለ ቀን ላይ ከሐረጉ ሥር ዱካ ላይ ተቀምጣ አበቦቹን ስትጠብቅ ዋለች። የማር ንቦች መጡ። ከአበባ አበባ እየተዘዋወሩ ጭናቸው ላይ ቢጫ ዱቄት ጫኑና ከግንቡ በላይ አልፈው ሄዱ። ከግንቡ ማዶ ጡረታ የወጡ የሳይንስ መምህር ይኖራሉ። ሚስታቸው ከሞተች ቆይታለች፤ ስድስት ቀፎ ንብ አላቸው። እሳቸውና እታለም ሦስት ዓመት ሙሉ፣ እሷ በጓሮዋ ደረጃ ላይ፣ እሳቸው በድንጋይ ላይ ቆመው፣ ግንቡን በመሃል አድርገው ሲጨዋወቱ ነው የኖሩት። ማር ሲቆርጡ አንድ ማሰሮ፣ ፍሬ ስትለቅም አንድ ሰሃን በግንቡ ላይ ይተላለፍ ነበር። ውሃ ልክ እህቱ መምህሩ በሚወጡበት ሰዓት ፀጉሯን እንደምታስተካክል አይቷል፤ አይቶም እንዳላየ ሆኖ ያልፋል።

ያን ዕለት ግን እታለም ወደ ሥራ ቤቱ ስትገባ ፊቷ ቀልቷል።

"ሂድልኝ" አለችው። "እኔ ከሄድኩ ክፉ እናገራለሁ። ንቦቻቸውን ሌላ ቦታ ይውሰዱልኝ። አበባዬን እየገፈፉ ነው፣ በዓይኔ አየሁ።"

ሄደ። መምህሩ የተሰነጠቀ ቀፎ በሽቦ ሲያስሩ ነበር። መልእክቱን ሲሰሙ መጀመሪያ ሳቁ፣ ከዚያ ቀልድ እንዳልሆነ ሲገባቸው ሽቦውን አስቀመጡ።

"ተቀመጥ እስቲ" አሉት። "ሰው ንብ ሲሉት የሚያውቀው እነዚህን ብቻ ነው። አንዲት እናት፣ እልፍ እህትማማች፣ በልተው የሚተኙ ጥቂት ወንዶች። ግን አብዛኛው ንብ እንዲህ በጉባኤ አይኖርም። መሬት ቆፍራ ብቻዋን የምትኖር አለች። ጣዝማ አለች፣ አትናደፍም፣ ማሯን መሬት ውስጥ ታስቀምጣለች። እህትህ ጽጌረዳዬን ትል በላብኝ የምትለው ትል አይደለም፤ ቅጠሉን በክብ ቆርጣ ለልጆቿ መኝታ የምታነጥፍ ንብ ናት። የኔዎቹ የፓሽን ዱቄት ይወስዳሉ፣ አልክድም። ግን ትንንሾች ናቸው። ዱቄቱ ያለው ከላይ ተንጠልጥሎ ነው፤ ከሥር ገብታ ጣፋጩን የምትመጥ ትንሽ ንብ ጀርባዋ አይደርስበትም። ትልቋ ጥቁሯ ስትገባ ግን ጀርባዋን ይታከካታል፣ እሱን ተሸክማ ወደሚቀጥለው አበባ ትሄዳለች። ፓሽን ፍሬ የሚይዘው በእሷ ጀርባ ነው።"

ውሃ ልክ አሥራ አንዱን ቀዳዳ አስታወሰ።

"ዘንድሮ ደግሞ አላየኋቸውም" አሉ መምህሩ። "እናንተ ግንድ ላይ አልነበሩም እንዴ? የት ሄዱ?"

"እኔ እንጃ መምህር" አለ። "ሄደው ይሆናል።"

"እነሱማ ዝም ብለው አይሄዱም። የተወለዱበትን እንጨት ይወዳሉ። እናትየው ለእያንዳንዱ ልጅ ለብቻው ክፍል ትሠራለታለች፣ ስንቁን ታስቀምጥለታለች፣ ከዚያ በሰጋቱራ ግድግዳ ትለየዋለች። ያደጉት ልጆችም ቶሎ አይበተኑም፣ እዚያው እናታቸው ዘንድ ይከርማሉ።" ፈገግ አሉ። "የሙያ አጋርህ ናት፣ አናጢ።"

ውሃ ልክ ተነሣ። እግሩ ሥራ እንዳለበት ሰው ያፋጥነው እንጂ የሚሄድበት አልነበረውም። እታለም በር ላይ ቆማ ትጠብቀው ነበር።

"ምን አሉ?"

አሁን መናገር ይችል ነበር። አንድ ዓረፍተ ነገር ነው። ነገር ግን ያቺ ሴትዮ የሳቀችው ሳቅ፣ የሰፈሩ ሰው ሲሰማ የሚስቀው ሳቅ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ የእህቱ ፊት ታየው። ያሳደገችው ልጅ ልጄ የምትለውን ሐረግ እንዳመከነባት እንዴት አድርጎ ይንገራት?

"የኔዎቹ አይደሉም ነው የሚሉት" አለ።

"ታዲያ የማን ናቸው? አየህ፣ ይክዳሉም።"

ዝም አለ። ዝምታውን እሷ እንደ ስምምነት ወሰደችው።

በሦስተኛው ቀን እታለም ጭማቂ ቤት ሄዳ ማንጎ የሚለውን ሰሌዳ ስታይ አልቻለችም። ባለቤቱ "ምን ሆነ ፓሽኑ እትዬ?" ብሎ ሲጠይቃት፣ ቤቱ ሙሉ ሰው እየሰማ፣ "መምህሩ ማራቸውን የሚያደልቡት በእኔ አበባ ነው፤ ይኼ ዘረፋ ካልሆነ ምን ይባላል?" አለች። እሷ ያለችው ይህን ብቻ ነው። ወሬ ግን እግር አለው አይደል፤ ማታ ላይ መምህሩ ሌባ ተብለው አደሩ። በሳምንቱ ሁለቱ ጎረቤታሞች ሆድና ጀርባ ሆኑ። በድንጋዩ ላይ የሚቆም፣ በደረጃው ላይ የሚቀመጥ ጠፋ።

ውሃ ልክ በዚያ ሰሞን ክብደቱ ቀነሰ። እታለም ምሳ ይዛለት ስትመጣ "እታለም" ይላታል። "አቤት" ትለዋለች። "ምንም" ይላታል። ሁለት ጊዜ እንዲህ ካደረገ በኋላ "ልጁ ሚስት አምሮት ነው መሰለኝ" ብላ ስታሾፍበት አብሯት ሳቀ፤ እንደዚያ ሲስቅ ራሱን ጠላው።

ከአንድ ወር በኋላ መምህሩ ወደ ሥራ ቤቱ መጡ። ከወሬው በኋላ ሲመጡ የመጀመሪያቸው ነው።

"ስድስት መዝጊያ እፈልጋለሁ" አሉ። "አየር የሚያስገባ፣ ንብ የማያስወጣ። ወንፊት ሽቦ በእንጨት ክፈፍ። ቅዳሜ ጎህ ሲቀድ መኪና ይመጣል፤ ቀፎዎቹን ከከተማ ውጭ ታናሽ ወንድሜ ጋ እወስዳቸዋለሁ። እኔም እዚያው እሆናለሁ።"

"እርስዎም?"

"ንቦቼ ካሉበት አለሁ። ደግሞስ እዚህ ማን አለኝ? ድሮ ሰላም ይለኝ የነበረው ሰው ሁሉ አሁን ሲያየኝ ጫማውን ማሰር ትዝ ይለዋል።"

"መምህር፣ ትንሽ ቢታገሡ…"

"ታግሼ አየሁት።"

ማክሰኞ ነበር። ውሃ ልክ እስከ ቅዳሜ ድረስ ቀን ነበረው። ካልተናገረ ሰውየው ባላጠፉት ጥፋት ቤታቸውን ጥለው ይሄዳሉ፤ ይህን ማንም ሊነግረው አያስፈልግም። ከመናገር ይልቅ ግን መዝጊያዎቹን ሠራ። እንዲህ ያለ መዝጊያ ዓለም አላየም። ማዕዘኑ ሁሉ ያለ ምስማር በምላስና በጎድጓድ የተያያዘ፣ ሽቦው ጫፉ እንዳይቧጥጥ ወደ ውስጥ የታጠፈ። ሁለቱን አልወደዳቸውምና አፍርሶ እንደገና ሠራቸው። ዋጋውን ሲጠይቁት አልቀበልም አለ። መምህሩ አመሰገኑት። ምስጋናው ከስድብ ይልቅ አቃጠለው።

ዓርብ ጀምበር ስታዘቀዝቅ መዝጊያዎቹን ለመግጠም ወደ ግቢያቸው ገባ። ቤቱ ባዶ ነበር ማለት ይቻላል፤ መጻሕፍቱ በካርቶን ታስረው በበሩ አጠገብ ተደርድረዋል፣ ግድግዳው ላይ ስዕል የነበረበት ቦታ ነጣ ብሎ ይታያል። ውሃ ልክ ምስማሩን አውጥቶ ወደ መጀመሪያው ቀፎ ሲጠጋ መምህሩ ክንዱን ያዙት።

"ቆይ። ገና አልገቡም።"

ሁለቱም አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጡ። ንቦቹ ከከተማው ሁሉ እየመጡ በየቀፏቸው አፍ ላይ ያርፉና ይገባሉ።

"ውጭ የቀረች ንብ ነገ ተመልሳ የምትመጣው እዚሁ ነው" አሉ መምህሩ። "ቀፎው የነበረበትን ቦታ እንጂ ቀፎውን አትከተልም። ባዶውን ስትዞር ትውላለች፣ ሲበርዳት ትሞታለች። ስለዚህ የመጨረሻዋ እስክትገባ መጠበቅ ነው። ችኮላ አያስፈልግም።"

ውሃ ልክ እጆቹን ጉልበቶቹ መሃል ከተታቸው። እንዲህ ሲጠብቅ ይህ ሁለተኛው ነው። ያኔም ችኮላ አልነበረበትም። ያኔም የመጨረሻዋ እስክትገባ ድረስ ነው የጠበቀው። ንቦቹ እያነሱ ሄዱ፤ አንዷ መጣች፣ ቆይታ ሌላዋ መጣች፣ ከዚያ ለረጅም ጊዜ ምንም አልመጣም።

"በል እንግዲህ" አሉ መምህሩ።

ተነሣ። አንደኛውን ገጠመ። ሁለተኛውን ገጠመ። ሦስተኛው ላይ ምስማሩ ከእጁ ወደቀ፤ ጎንበስ ብሎ ሊያነሣው ሲል ቀና ማለት አቃተው።

"እኔ ነኝ" አለ፣ መሬቱን እያየ።

"ምኑ?"

"ጥቋቁሮቹን። ግንዱ ላይ የነበሩትን። በኮላና በሰጋቱራ የደፈንኳቸው እኔ ነኝ። ሰው ስለሳቀብኝ።"

መምህሩ ወደ እሱ ዞሩ።

"ስንት ነበሩ?"

"አሥራ አንድ ቀዳዳ።"

"ቀን ነው ወይስ ሲመሽ?"

ውሃ ልክ ይህን ጥያቄ ነበር የፈራው። "ሲመሽ" አለ። "ሁሉም እስኪገቡ ጠብቄ።"

መምህሩ ተነሥተው ጀርባቸውን ሰጡት። እጃቸውን ቀፎው ላይ አሳረፉ። ሲናገሩ ድምፃቸው የክፍል ውስጥ ድምፅ ሆነ፣ ረጋ ያለና የራቀ።

"ያን ቀን ስጠይቅህ ታውቅ ነበር?"

"እርስዎ ሲነግሩኝ ነው የገባኝ።"

"እሱ ነዋ ጥያቄዬ። ከገባህ ከወር በላይ ሆነ።" ምስማሩን ከመሬት አንሥተው ሰጡት። "የቀሩትን ግጠም። ከዚያ ለእኔ ሳይሆን ለእሷ ሄደህ ንገራት።"

እታለም የተረፈውን አበባ እየጠረገች ነበር። ሳይቀመጥ ነገራት፤ ቢቀመጥ እንደማይጨርሰው አውቋል። መጥረጊያዋን አላቆመችም፤ የጠረገችውን ቦታ ደግማ ጠረገች። ሲጨርስ "አሳየኝ" አለችው።

የእጅ ባትሪና መሮ ይዞ መሰላሉ ላይ ወጣ። እሷ ከታች መሰላሉን ያዘችለት። ውሃ ልክ ቀዳዳዎቹን ፈለገ፤ አጣቸው። ግንዱን ከዳር እስከ ዳር በጣቱ ዳሰሰ። ቀለሙም ልስላሴውም አንድ ነው። የገዛ ሥራው ደበቀበት። እህቱ ከታች ሆና ዝም ብላ ትጠብቃለች። በመጨረሻ ግንዱን በመሮው እጀታ እያንኳኳ ድምፁ የሚለወጥበትን ቦታ አገኘና ጫፉን ተከለ። ሁለት ጣት ያህል ውፍረት ያለው ነገር ነበር የደፈነው፤ መሮው ግን በመጀመሪያው ምት ገባ። ከውስጥ ተበልቶ አልቆ የቀረው ልጣጩ ብቻ ነበር። ከበስተኋላው ጥቁሯ ንብ ደርቃ ተቀምጣለች፣ ራሷ ወደ ውጭ ነው። ከእሷ በስተኋላ ሌሎች ሁለት ነበሩ።

በመዳፉ ይዟት ወረደ። እታለም ባትሪውን አብርታ አየቻት። "ለመውጣት አንድ ቀን ቢቀራት ነው" አለች። ሌላ አልተናገረችም፤ ወደ ቤቷ ገብታ በሩን ዘጋች። አልሰደበችውም። ቢሰደብ ኖሮ ይቀለው ነበር።

ቅዳሜ ጎህ ሲቀድ የመኪና ድምፅ ቀሰቀሰው። ሲወጣ እታለም ነጠላ ጫማዋን እየጎተተች ወደ መምህሩ በር ስትሮጥ አያት። ቀፎዎቹ ተጭነዋል። መምህሩ ከሾፌሩ አጠገብ ተቀምጠዋል፣ መስኮቱ ክፍት ነው።

"መምህር፣ በድዬዎታለሁ" አለች፣ እያለከለከች። "የእርስዎ አልነበረም።"

"አውቃለሁ። ወንድምዎ ማታ ነግሮኛል።"

"ታዲያ ይውረዱ።"

መምህሩ መነጽራቸውን አወለቁ፤ ጠርገው መልሰው አደረጉት።

"እትዬ፣ ሰው ይሳሳታል። ቀፎ ማውረድም አይከብድም። ግን ሦስት ዓመት በዚያ ግንብ ላይ አብረን አመሸን፣ ነገር ሲመጣ ግን አንድ ጊዜ እንኳ እውነት ነው ወይ ብለው አልጠየቁኝም። ሰው ነው የላኩብኝ።"

እታለም የመስኮቱን ጠርዝ ያዘች። እውነት ነዋ። ሾፌሩ ፀሐይ ከወጣ ንቦቹ ይታፈናሉ ብሎ ሞተሩን አስነሣ፤ መምህሩ እጃቸውን በመስኮቱ አውጥተው የእሷን ጨበጡና መኪናው ሄደ። መንገዱ ጠርዝ ላይ ቆማ እስኪሰወር አየችው። ውሃ ልክ ሊጠጋት ፈለገ፣ ከራሱ በር ግን አላለፈም። ያ ሰው ለእህቱ የቀራት ሰው ነበር። ያስኬደው እሱ ነው፣ በገዛ መዝጊያው።

ስትዞር ዓይኗ ቀልቷል፣ ድምፅዋ ግን ደህና ነበር።

"እኔ የተናገርኩት ጭማቂ ቤት ነው" አለች። "አንተም እዚያ ትናገራለህ። ና።"

ቅዳሜ ጠዋት ጭማቂ ቤት ይሞላል። ከሚያውቃቸው ደንበኞቹ ስድስት ሰባት የሚሆኑት በየጠረጴዛው ነበሩ፤ ጠረጴዛዎቹም የእሱ ሥራዎች ናቸው። መሃል ላይ ቆመ። መምህሩ ምንም እንዳላጠፉ፣ ንቦቻቸው ፓሽኑን እንዳላመከኑ፣ ፍሬ የሚያስይዙትን ጥቋቁር ንቦች በግንድ ውስጥ እያሉ የደፈናቸው እሱ መሆኑን፣ ይህንንም እያወቀ ዝም ማለቱን ተናገረ። ሲጨርስ ጆሮዎቹ ይግሉ ነበር።

ከዚያ አንዱ "ለንብ ነው እንዴ እንዲህ የምትንቀጠቀጠው? እኔ ሰው የገደልክ መስሎኝ!" አለና ቤቱ በሳቅ ተሞላ። ውሃ ልክ ዕድሜ ልኩን የፈራው ሳቅ ይኸው መጣ። ቆሞ ሰማው። ያን ያህል አልከበደውም፤ ለዚህ ብሎ ነበር እንግዲህ ያን ሁሉ ያደረገው።

ያልሳቀው የጭማቂ ቤቱ ባለቤት ብቻ ነበር። ብርጭቆ እያጠበ ነበር፣ አቆመው።

"እኛ እኮ ማራቸውን መግዛት ያቆምነው በዚያ ወሬ ነው" አለ። "ከዚያ ወዲህ ሁለት ሦስት ጊዜ መጥተው፣ እዚያ በር ላይ ቆመው፣ ምን አጥፍቼ ነው ሰው የሸሸኝ ብለው ጠየቁኝ። እኔም አላውቅም አልኳቸው። ሌላም ጋ ዞረው ጠይቀዋል፣ ፊት ለፊት የነገራቸው የለም። በመጨረሻ እትዬ ምን እንዳለች የሰሙት ከመንገድ ልጆች ነው፣ ሌባ እያሉ ሲከተሏቸው።"

ሳቁ ቆመ። እታለም ወንበር ፈልጋ ተቀመጠች፤ ፊቷን በሻርፗ ሸፈነች። ውሃ ልክ መምህሩ በየበሩ እየቆሙ ሲጠይቁ ታየው። መልሱን የሚያውቀው አንድ ሰው ብቻ ነበር፣ እሱም ግንቡን ተጎራብቷቸው ጣውላ ይልግ ነበር።

"ያኔ የሰማው ሁሉ ዛሬ እዚህ የለም" አለ ባለቤቱ። "አንዳንዱ ጠዋት ይመጣል፣ አንዳንዱ ከሰዓት፣ አንዳንዱ ማታ።"

ውሃ ልክ ጥቂት አሰበ። ከዚያ የሥራ ቤቱን ቁልፍ ከኪሱ አውጥቶ እህቱ ፊት ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ፣ "ሁሉም እስኪሰማ አልከፍተውም" ብሎም በሩ አጠገብ ሄዶ ቆመ። በሩ ተከፈተ፤ ሁለት ሰዎች እያወሩ ገቡ። ውሃ ልክ አስቆማቸውና ከመጀመሪያው ጀመረ።